ከጣርማ በር እስከ ቀን ጓዳ

ሰኞ፣ ከንጋቱ አሥራ አንድ ሰዓት፤ ጣርማ በር

ቤታችን ከገደሉ አፋፍ ላይ ነው። ማለዳ በሩን ስከፍት ይፋት ከእግሬ ሥር ተዘርግቶ ይታየኛል፤ ጉም ካለ ጉሙ፣ ጉም ከሌለ እስከ አዳል ሜዳ ድረስ የሚሄደው ቢጫ አገር። ሃያ አራት ዓመት ሙሉ ከላይ ሳየው ኖሬ አንድ ቀን እንኳ ወርጄበት አላውቅም። ዛሬ ልወርድ ነው።

እናቴ ቀድማኝ ተነሥታ ስንቄን ቋጥራለች። በሶ፣ ቋንጣ፣ ትንሽ የተቆላ ባቄላ። ከበሶው መካከል በጨርቅ የተጠቀለለ የወባ ኪኒን አለ፤ መንገድ ሥራ የሚውል ጎረቤታችን ለራሱ ከሚሰጠው ላይ እየቀነሰ ያጠራቀመልን ነው። እናቴ ቋጠሮውን ስትሰጠኝ ያለችኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። «እጁን ይስጥና ይምጣ በይው። እናትህ ጠመንጃ አትፈልግም፣ አንተን ነው የምትፈልገው በይው።»

ነገሩ እንዲህ ነው። ጊዜው ጣሊያን በገባ በሦስተኛው ዓመት፣ ወሩ ኅዳር ነበር። በአሥር ዓመት የሚበልጠኝ ወንድሜ ደምሴ አርበኞቹን ተከትሎ ከቤት ከወጣ ሁለት ዓመት አልፎታል። በልግም ክረምትም ወሬው ጠፍቶ ቆይቶ፣ ኑሩ የሚባል የበርበሬ ነጋዴ ከቆላ መጥቶ ነገረን፤ ደምሴ ከጀውሃ በላይ ባለች መንደር፣ አንዲት መበለት ቤት፣ ወባ ጥሎት ተኝቷል። በዚያው ሰሞን አዋጅ ወጣ። እስከሚመጣው ቅዳሜ ድረስ ሸዋሮቢት ገብቶ መሣሪያውን ያስረከበ ምሕረት ያገኛል፣ ወደ ቤቱም ይመለሳል ተባለ። እናቴ አዋጁን ስትሰማ ተንበርክካ አመሰገነች። ራሷ እንዳትሄድ ግን ቆላን እንደ ሞት ትፈራለች፤ ሁለት ወንድሞቿ ለንግድ ወርደው አልተመለሱም።

ቄሱ አባቴ በሕይወት ሳሉ ፊደል አስቆጥረውኝ ስለነበር በመንገድ ላይ ያየሁትን በደብተር እየጻፍኩ ሄድኩ። አሁን ለጋዜጣ አንባቢ ስገለብጠው ያኔ በፍርሃት የዘለልኩትን ጨምሬበታለሁ፤ ሌላው እንዳለ ነው።

ተራራውን በስቶ የሚያልፈው አዲሱ ዋሻ አፍ ላይ ወታደር አስቆመኝ። የይለፍ ወረቀቴን ገለበጠ፣ ስንቄን በጣቱ ጫረ። ጥጥ ልገዛ እንደምወርድ ነገርኩት። በሶውን አሽትቶ አስነጠሰውና እጁን አወናጨፈልኝ። ዋሻው ውስጥ ከጣሪያው ውሃ ይንጠባጠባል፣ ድንጋይ ፈላጮች ግድግዳውን ተደግፈው ዳቦ ይቆርሳሉ። በወዲያኛው አፍ ስወጣ ፀሐይ ከአዳል በኩል ብቅ ብላ ነበር።

ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት፤ ደብረ ሲና

ደብረ ሲና ነፋሷ አይጣል ነው። ገበያው ላይ ነጠላዬን ሁለቴ አጣፍቼ ቆምኩ። የባቄላ እሸት፣ የገብስ ቆሎ፣ የበግ ቆዳ፣ ከታች የመጣ ሎሚ በእንቅብ። ከገበያው ወዲያ ሲሚንቶ የጫነ ትልቅ መኪና ቆሟል።

ሾፌሩ ተስፋሚካኤል ይባላል፤ የሐማሴን ሰው ነው፣ ጠይም፣ ጥርሱ ፍንጭት። ሁለት ሊሬ አስከፍሎ ከጎኑ አስቀመጠኝ። «ሓፍተይ» ይለኛል፣ በአገሩ አነጋገር እህቴ ማለቱ ነው። መንገዱ ቁልቁል እየተጠማዘዘ ሲወርድ ዓይኔን ጨፈንኩ። እሱ ግን በአንድ እጁ መሪውን ይዞ በሌላው ብርቱካን ይልጣል። ባሕር ዛፉ አለቀ፤ ጥዱ አለቀ፤ አርማንያ የምትባለውን መንደር ስናልፍ ግራር ብቻ ሆነ። ነጠላዬን መጀመሪያ ከአንገቴ፣ ኋላም ከትከሻዬ አወረድኩት።

ወዴት እንደምሄድ ሲጠይቀኝ ጀውሃ አልኩት። ስለ ወንድሜ አላነሣሁም። እሱ ግን ጀውሃ የሚለውን ስም ሲሰማ ወሬ አመጣ። የዚያ አካባቢ ሰዎች ዓለም እልፍኝና ጓዳ አላት ይላሉ አለኝ። እኛ የምንኖረው እልፍኙ ውስጥ ነው። ጓዳው ውስጥ ገና ያልመጡ ቀኖች ተቀምጠዋል፤ አንድ ቀን ብቻ ሳይሆን ሊመጡ የሚችሉት ሁሉ፣ እንደ እህል በየጎተራቸው። ከእነሱ አንዱ ይወጣና ዛሬ ይሆናል። ሌሎቹ የት ይገባሉ ብሎ ሲጠይቃቸው እዚያው ይቀራሉ ብለውታል። ወደዚያ ጓዳ መግቢያ አንድ ቦታ እንዳለም ነግረውት ነበር።

ሄዶ እንዳየው ጠየቅሁት። አስመራን ዳግም ያያት እንደሆነ ለማወቅ ሊሄድ አስቦ ነበር፣ ኋላ ግን ተወው።

«ለምን ተዉት?» አልኩት።

«ሁለት ቀን ቢያሳየኝስ?» አለ። «አንዱን እየኖርኩ ሌላውን ሳስብ ላረጅ ነው።»

ከዚያ በኋላ እስከ ሸዋሮቢት ድረስ ስለ ልጆቹ ነው ያወራኝ። ከብርቱካኑ ግማሹን ሰጠኝ።

ከቀኑ ስምንት ሰዓት፤ ሸዋሮቢት

ሙቀቱ ከመኪናው ሳልወርድ ተቀበለኝ። ላቤ ከግንባሬ ላይ ሲወርድ አንዲት ሙዝ ሻጭ አይታ ሳቀችና፣ «የደጋ ሰው ናት» ብላ ውሃ ሰጠችኝ። ገበያው ከላይ ካለው ገበያ ጋር አይመሳሰልም። የትምባሆ ቅጠል በእስር በእስር፣ ቀይ በርበሬ በሰሌን ላይ ተከምሮ፣ ማሾ፣ ሰሊጥ፣ ጥጥ በትልልቅ ቅርጫት። ግመሎች እንደ ባለ ርስት መሀል መንገድ ላይ ተኝተዋል። ጊሌ የሚሉትን ጩቤያቸውን ወገባቸው ላይ የታጠቁ የአዳል ሰዎች ጨው ያወርዳሉ፤ ፀጉራቸውን በጉፍታ ያሰሩ ሴቶች ቆመው ይከራከራሉ።

ከወታደሩ ሰፈር አጥር ላይ አዋጁ በአማርኛ ተለጥፏል። ቆሜ ሳነብ አንድ ገበሬ አይቶኝ ጮክ ብዬ እንዳነብለት ለመነኝ። ሌሎችም ተሰበሰቡ። ሴት ልጅ ስታነብ አይተው ስለማያውቁ ነው መሰለኝ፣ ከወረቀቱ ይልቅ የሚያዩት አፌን ነበር። አንብቤ ስጨርስ ጺማቸውን ሂና የተቀቡ አንድ ሽማግሌ ቀረብ አሉኝ።

«ወረቀቱ ደግ ይናገራል፣ ልጄ» አሉ። «ባለፈው ወር የገቡት ሁለት ሰዎች ግን እስከ ዛሬ ቤታቸው አልደረሱም።»

ሌላው ገበሬ ደግሞ የእሱ የእህት ልጅ ገብቶ በሰላም ቤቱ እንዳለ፣ ማሽላውን እየጠበቀ እንደሆነ ተናገረ። ሁለቱም እውነታቸውን እንደሆነ ያስታውቃል። እናቴ ያሸከመችኝ ቃል ከስንቄ ይልቅ ከበደኝ።

ኑሩ እንደ ቀጠሯችን ከአህዮቹ ጋር ሲጠብቀኝ አገኘሁት፤ ያን ሌሊት እህቱ ቤት አሳደረኝ።

ማክሰኞ፤ ወደ ጀውሃ

ጎህ ሳይቀድ ተነሣን። ኑሩ አምሳ ዓመት የሆነው፣ ወሬ የማያበዛ ሰው ነው። ሦስት አህዮቹ ጨው ጭነዋል። አዲሱን መንገድ ትተን በጎን ባለው የእግር መንገድ ሄድን። ግራና ቀኙ ማሽላ ነው፤ ዛላው ቀልቷል። ገበሬዎች በየማማቸው ላይ ቆመው ወፍ በወንጭፍ ያባርራሉ፣ ከአንዱ ማማ ወደ ሌላው በአማርኛም በኦሮምኛም ይጨዋወታሉ።

ረፋድ ላይ አንዱ ጠርቶ አስቀመጠን። የማሽላ እሸት በፍም ጠብሶ፣ በእጁ አሽቶ፣ እብቁን በትንፋሹ አራግፎ በሰሌን ላይ አቀረበልን። «ቢስሚላህ በሉ» አለ። እኔ በስመ አብ ብዬ ቆረጠምኩ፤ ማንም ቅር አላለውም። እስከ ዛሬ ድረስ እንዲያ ያለ የሚጣፍጥ እሸት በልቼ አላውቅም። ሲረግጡት የሚሞቅ መሬት፣ ሎሚ ሎሚ የሚል አየር፣ ሩቅ ከኋላችን ሰማያዊ ሆኖ የቆመው የእኛ ገደል። ቤታችን እዚያ ላይ መሆኑን ሳስብ ገረመኝ፤ ከታች ሲያዩት ሰው የሚኖርበት አይመስልም።

ጀውሃን ቀትር ላይ አልፈን ወደ ምዕራብ ታጠፍን። መንገዱ ወደ ኮረብታው ትከሻ ሲወጣ መንደሯ ታየች፤ ቤቶቿ በድንጋይ የተካቡ፣ እርስ በርስ የተደጋገፉ ናቸው። ነዋሪዎቹ አርጎባዎች ናቸው። ኑሩ አንዱን ደጅ አንኳኳ። ስልሳ ዓመት የሚሆናቸው ቀጭን ሴት ጥጥ እየፈለቀቁ ነበር፤ ቀና ብለው አዩኝና፣ «ዓይኗ የሱ ነው» አሉ። ኑሩ የነገረን መበለት፣ እትዬ ዘሃራ፣ እሳቸው ናቸው።

ወንድሜ በጠፍር አልጋ ላይ ጋቢ ተከናንቦ ይንቀጠቀጣል። አጥንቱ ብቻ ቀርቷል። መጀመሪያ ያየሁት የአባቴን ፊት መሰለኝና ደነገጥኩ።

«አስካለ?» አለ። «ማን አወረደሽ?»

ኪኒኑን ከበሶው ውስጥ ፈልቅቄ አወጣሁት። እትዬ ዘሃራ በወተት አጠጡት። እጁን ይዤ ተቀመጥኩ፤ የእናቴን መልእክት ያን ቀን አልነገርኩትም።

ረቡዕ፤ እትዬ ዘሃራ ቤት

ኪኒኑ ሠራ። ጠዋት ላይ ላብ አጥምቆት ተነሣና ደጅ ወጥቶ ግንቡን ተደግፎ ተቀመጠ። ታማሚ ነውና የማሽላ ገንፎ በወተት ቀረበለት፤ እኔ ረቡዕ ስለሆነ ጾሜን ዋልኩ። ከመንደሩ ሕዝብ ግማሹ ሊጠይቀው መጣ። ሰዎች ከእኔ ይልቅ እሱን ቤተኛ አድርገው ነው የሚያዩት፤ አንዱ ስለ በሬ ያማክረዋል፣ ሌላው የተሰበረ ማረሻ ያሳየዋል።

ሰው ሲበተን የእናቴን ቃል ነገርኩት፤ በአጥሩ ላይ ያነበብኩትንና ሽማግሌው ያሉኝንም ሳልደብቅ ጨመርኩ። ወንድሜ ጋቢውን ወደ ትከሻው ሰበሰበ። ከዚያ ደክሞኛል አለኝ። ጓደኞቹ ወደ መንዝ ተሻግረዋል፤ ሲሻልህ ተከተለን ብለው ልከውበታል፣ አርብ የሚመጣ መልእክተኛም አለ። አንድ ልቡ ወደዚያ ነው። ሌላው ልቡ ደግሞ ቅዳሜ ገብቶ ጠመንጃውን ጥሎ እናቱን ሊያይ ይፈልጋል።

እትዬ ዘሃራ ጥጣቸውን ሳያቆሙ ሦስተኛ ነገር አመጡ። ባላቸው ሞተዋል፣ ወንድ ልጃቸው ወደ ሐረር ለንግድ ሄዶ እዚያው ቀርቷል፣ ከጥጥ ማሳው በቀር መሬታቸው የሚያርሰው አጥቶ ጦም ካደረ ሁለት ዓመቱ ነው። «እዚሁ ተቀመጥ» አሉት። «የመንደሩ ሰው የእህቴ ልጅ ነው ይላል። ማንም አይጠይቅህም።»

«እናቴን አፋፍ ላይ ብቻዋን ጥዬ?» አለ ወንድሜ።

እሳቸውም ጥጡን አስቀምጠው፣ እንግዲያው ጓዳውን እዩት አሉን። ሾፌሩ የነገረኝ ቦታ መሆኑ ነው። ከእናት ወደ ልጅ ሲወርድ የመጣ የእሳቸው ቤተሰብ አደራ ኖሯል። ከመንደሩ በላይ የጥንት መስጊድ ፍርስራሽ አለ፤ ከጎኑ ያለችው ትንሽ ክፍል መግቢያው ናት። እውነት ለመናገር የአባቴ ልጅ ነኝና ነገሩ ጥንቆላ መስሎኝ ከበደኝ። የመንደሩ ሸህም እንደማይወዱት እትዬ ዘሃራ ራሳቸው አልደበቁም፤ ገይብን፣ ማለት የተሰወረውን፣ ከአላህ በቀር የሚያውቅ የለም ብለው ይቆጧቸዋል።

«እኔም አውቃለሁ አላልኩ» አሉ። «ጓዳው የሚሆነውን አያሳይም። ሊሆን የሚችለውን ነው። የሚሆነውን አላህ ነው የሚያውቀው፤ የሚያደርገው ደግሞ ሰው ነው።»

ሐሙስ፣ ስድስት ሰዓት፤ ከመስጊዱ ፍርስራሽ

ወንድሜ ዱላ ተመርኩዞ፣ ሦስት ቦታ አርፎ ወጣ። ፍርስራሹ ቁልቋል በቅሎበታል። ግንቡ ግን ያለ ጭቃ ተክቦ ዛሬም ቀጥ ብሎ ቆሟል። ክፍሏ ጣሪያ የላትም፤ ሁለት ሰው ተጠጋግቶ ሲቀመጥ ትሞላለች። እትዬ ዘሃራ ደጃፉ ላይ የቁርኣኑን መክፈቻ፣ ፋቲሃን፣ አነበነቡ። እኔ በልቤ አባታችን ሆይ ደገምኩ። ጥላችን ከእግራችን ሥር ሲገባ መዳፋችንን ግድግዳው ላይ እንድናሳርፍ፣ ያየነውንም ሰው በስሙ እንዳንጠራ ነግረውን ወደ ውጭ ወጡ።

መጀመሪያ ምንም አልነበረም። ድንጋዩ ያቃጥላል፣ ዝንብ ይጮሃል። ቀጥሎ ዝንቡ ዝም አለ። ግድግዳው እንደ ነጠላ ሳሳ፤ ወዲያ ያለውን ነገር በነጠላ አሻግሮ እንደሚያዩት ሆነ።

የእኛ ግቢ ነበር። እናቴ ከል ለብሳ ተቀምጣለች፣ ጎረቤት ከቧታል። ወንድሜ የለም። ገና ሳዝን ያው ግቢ ሌላ ሆኖ መጣ። ወንድሜ ቆሟል፣ ወፍሯል፣ ጣሊያን የሰጠው የባንዳ ልብስ ለብሷል። ኪኒኑን የሰጠን ጎረቤት በበራችን ያልፋል፤ ወንድሜን ሲያይ ፊቱን አዞረ። ከዚያ ብርድ ተሰማኝ። መንዝ ነው፤ ሰዎች በጭጋግ ውስጥ በሰልፍ ይሄዳሉ፣ አንዱ ወንድሜ ነው፣ እየሳቀ ነው። እንደገና አየኋቸው፤ ሰዎቹ እነዚያው ናቸው፣ እሱ ግን ከመሀላቸው የለም። ሦስተኛም አየሁ፣ እንደገና አለ።

በመጨረሻ ሙቀቱ ተመለሰ። የጥጥ ማሳ ነው፤ ጥጡ ፈንድቶ ነጭ ሆኗል። ወንድሜ ከስቷል፣ ግን ቆሞ ይሠራል። ትንሽ ሴት ልጅ እግሩን ይዛለች። ከማሳው ዳር ሾላ አለ፣ ሾላው ሥር አንዲት አሮጊት ጀርባዋን ሰጥታኝ ተቀምጣለች።

ዝንቡ ጮኸ። ድንጋዩ ድንጋይ ሆነ። እጄን ሳነሣ መዳፌ ቀልቶ ነበር።

ውጭ ወጥተን ጥላ ፈልገን ተቀመጥን። ወንድሜ እንባውን በጋቢው ጫፍ ጠረገና ያየውን ነገረኝ። ከእኔው ጋር አንድ ነው ማለት ይቻላል፤ ከሉን፣ የባንዳውን ልብስ፣ ጭጋጉን፣ ጥጡን አይቷል። አሮጊቷን ግን አላያትም።

«የቆላው ቀን ደግ ነበር» አለኝ። «ግን እናታችን የለችበትም። ብቻዋን ቀርታ የምትሞትበትን ቀን በእጄ አልመርጥም። ቅዳሜ እገባለሁ።»

«ነበረች» አልኩት። «ሾላው ሥር ተቀምጣ አይቻታለሁ።»

«እናታችን? ቆላ ወርዳ?»

«በዓይኔ አይቻታለሁ፣ ጋሼ።»

ለአንባቢ እውነቱን ልናገር። ያየሁት ጀርባ ነው። የማንኛዋም አሮጊት ጀርባ ሊሆን ይችላል፤ የእትዬ ዘሃራም ሊሆን ይችላል። ወንድሜ ግን በልጅነቴ የማውቀው ፊቱ ተመልሶለት አየኝ፤ ያን ፊት ካየሁ በኋላ ቃሌን መመለስ አልቻልኩም። አልፈለግሁምም።

ስንወርድ እሱ ከፊት ሆነ። በቅርብ ሆነው ሲሰሙን የነበሩት እትዬ ዘሃራ ክንዴን ይዘው ወደ ኋላ አስቀሩኝ።

«ያየሽውን ሳይሆን ልታደርጊ ያሰብሽውን ነው የነገርሽው» አሉኝ። «እንግዲህ አድርጊው።»

አርብና ቅዳሜ፤ የመልስ ጉዞ

አርብ ጠዋት የመንዙ መልእክተኛ መጣ። ወንድሜ ጠመንጃውን ቅባት ቀብቶ፣ በጨርቅ ጠቅልሎ ሰጠው። ሰውየው ሊከራከረው ፈልጎ በሕመም የከሳ እግሩን ሲያይ ተወው፤ በምትኩ ተሳሳሙ። ወንድሜ መንደሩ ጥግ ድረስ ሸኘኝ። እናታችን መቼ እንደምትወርድ ጠየቀኝ። ወሩ ሳያልቅ አልኩት።

ቅዳሜ ሸዋሮቢት ስደርስ በወታደሩ ሰፈር ደጅ ወንዶች ተሰልፈዋል፤ የወጨፎ ጠመንጃ የያዘ፣ አሮጌ ጎራዴ የያዘ። አንዱ በቆመበት ቆሎ ይቆረጥማል። ከእነሱ መካከል በሰላም ቤታቸው የገቡ እንደነበሩ በኋላ ሰምቻለሁ፤ ያልገቡም ነበሩ። ያን ቀን ግን ማንኛው የትኛው እንደሆነ ፊታቸው ላይ አልተጻፈም። በጎናቸው ፈጥኜ አለፍኩ። አንድ ቅርጫት ጥጥ ገዝቼ ወደ ላይ በሚወጣ መኪና ተሳፈርኩ።

እሑድ፤ ቤት

እናቴ ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ ደጅ ላይ አገኘችኝ። ከኋላዬ ሰው ፈለገች። ማንም እንደሌለ ስታይ ዱላዋን አጥብቃ ያዘች።

ደህና እንደሆነ አስቀድሜ ነገርኳት። ከዚያ አስቀምጫት ሁሉንም ተረኩላት፤ ወታደሩን፣ ወረቀቱን፣ እትዬ ዘሃራን፣ ጓዳውን። የባንዳውን ልብስ ስነግራት አማተበች። ሾላው ላይ ስደርስ ግን ምንም አልሸሸግሁም። ለእሱ ምን እንዳልኩት፣ በእርግጥ ያየሁት ግን ምን እንደሆነ ለይቼ ነገርኳት። የዋሸሁት በእሷ ስም ነውና ይቅርታ ጠየቅኋት።

ትቆጣኛለች ብዬ አንገቴን ደፋሁ።

«ሴትዮዋ ነጠላዋን እንዴት ነበር የለበሰችው?» አለችኝ።

አላስታውስም አልኳት።

«ፀጉሯስ ተሸፍኗል ወይስ ተገልጧል?»

እሱንም አላስታውስም።

እናቴ ወደ ገደሉ በኩል አየች። ያን ቀን ጉም አልነበረም። «ካላስታወስሽ እኔ ልሆን እችላለሁ» አለች። ተነሥታም ሳጥኗን ከፈተች፤ ለሙቀት የሚሆን ስስ ቀሚስ እንዳላት ማየት ጀመረች።

ኅዳር ማለቂያ፤ እንደገና ጀውሃ

በጎቹን ሸጠን፣ ቤቱን ለጎረቤታችን አደራ ሰጥተን ወረድን። እናቴ መኪና አልሳፈርም ስላለች በቅሎ ተከራየንላት፤ አራት ቀን ፈጀብን። በየወንዙ ትወርዳለች፣ ውሃውን በእጇ ዘግና ታሸታለች፣ ካልወደደችው አትጠጣም። ኑሩ ሸዋሮቢት ላይ ተቀብሎን እስከ መንደሩ አብሮን መጣ። አብዝቶ የማያወራው ሰው ከእናቴ ጋር ስለ ከብት በሽታ ሲጨዋወት ነው የዋለው።

ወንድሜ ማሳ ውስጥ ነበር። ስታየው ከበቅሎዋ ያለ ረዳት ወረደች። አልጮኸችም። አጠገቡ ደርሳ ፊቱን በሁለት እጇ ያዘች፣ አንገቱን ዳበሰች፣ እጁን ገልብጣ መዳፉን አየች። ጠመንጃ የያዘበት ለስልሶ የእርፍ ምልክት ወጥቶበታል። እሱ ግንባሩን ትከሻዋ ላይ አሳረፈ። እኔም ራቅ ብዬ ቆምኩ፤ የዋሸሁት ከዓይኔ ፊት እውነት ሲሆን አየሁ።

የኋላውን ባጭሩ ልንገር። ጣሊያን እስኪወጣ እዚያው ኖርን። እናቴን በየመስከረሙ ወባ ይነካት ነበር፣ ግን አልጣላትም። ወንድሜ ኋላ አግብቶ ወለደ፤ ልጁ ጓዳው ውስጥ እንዳየሁት ሴት አልሆነም፣ ወንድ ነው። ማሳው ዳር ያለውም ዛፍ ሾላ ሳይሆን ግራር ነበር። ወደ ክፍሏ ዳግመኛ ተመልሼ አልገባሁም። ተስፋሚካኤል የፈራው ነገር በእኔ ላይ አልደረሰም፤ የቀሩትን ቀኖች አልፎ አልፎ አስባቸዋለሁ፣ ግን አይናፍቁኝም።

የመጣን ዕለት ግን ይህን ሁሉ አናውቅም ነበር። እትዬ ዘሃራ እናቴን እጇን ይዘው አስገቡ፣ እግሯን ካላጠብኩ አሉ፣ እናቴ እንቢ አለች፣ ተግደረደሩ፣ በመጨረሻ ታጠበች። ማሾ ወጥ በማሽላ እንጀራ ቀረበ። ወንድሜ አስጨምሮ በላ። እናቴ ጥቂት ቀምሳ እጇን ሰበሰበችና ጥግ ላይ ወደ ተከመረው ጥጥ ዞረች። አንድ ፍሬ አንሥታ በጣቷ ፈለቀቀችው፣ ወደ ብርሃን አድርጋ አየችው፣ ወደደችው።

«ነገ የሚለቀም አለ?» አለች።

«አለ፣ አልሐምዱሊላህ» አሉ እትዬ ዘሃራ። «ብዙ ነው።»